ታሪክ ነው፣ ዳፋ ነው ወይስ ገና አልዳነም? ለቆየ የጎድን ስብራት የትኛውን ኮድ እንምረጥ

ባለፈው ሳምንት አዲስ የገባች ልጅ ወንበሯን እየጎተተች መጣችና «ጋሼ፣ እስቲ ይቺን ይዩልኝ» አለችኝ። ስክሪኗ ላይ የአንድ የ58 ዓመት ሰው ቻርት ተከፍቷል። የኤክስሬይ ሪፖርቱ «በቀኝ በኩል በ6ኛ፣ በ7ኛ እና በ8ኛ የጎድን አጥንቶች ላይ የቆየ፣ የዳነ ስብራት ይታያል» ይላል። ሐኪሙ ደግሞ «ቀኝ ጎኑን ያመዋል» ብሎ አልፏል። ልጅቷ ሦስት ኮድ ደርድራለች። አንዱ «ድሮ ተሰብሮ ነበር» ይላል። ሌላው «ስብራቱ ጥሎት ያለፈ ችግር አለ» ይላል። ሦስተኛው «አሁንም እየዳነ ነው» ይላል።

«ሦስቱንም ብናስገባቸውስ? አንዱ ይይዛል» አለችኝ። ሳቄ መጣ። እኔም ስጀምር እንደዚያ ነበር የማስበው።

ቢሯችን ከብሔራዊ ቴአትር ጀርባ ነው፣ አራተኛ ፎቅ፣ ሊፍቱ አንድ ቀን ሠርቶ ሁለት ቀን የሚያርፍ። አሜሪካ ያለ ሐኪም የጻፈውን እናነባለን፣ ወደ ኮድ እንቀይራለን፣ ክሌሙ (ለኢንሹራንስ የሚላከው የክፍያ ጥያቄ) ይሄዳል። የእነሱ ጠዋት 2 ሰዓት የእኛ ከሰዓት 10 ነው፤ ሰዓታቸውን ሲያዞሩ ደግሞ 9 ይሆናል። ስለዚህ ለገሃር ታክሲ የሚጋፋው ሰው ወደ ቤቱ ሲሄድ እኛ ማኪያቷችንን ይዘን ወደ ሥራ እንገባለን። አሁን አሁን በዚህ ሥራ የሚገቡ ልጆች በርክተዋል። የቆየ የጎድን ስብራት ደግሞ ሁሉም የሚደናቀፍበት ቦታ ስለሆነ፣ ለእሷ ያልኳትን እዚህ ልጻፈው አልኩ። ኮዶቹን እርስ በርስ ስንጠራራ እንደምንላቸው ነው የጻፍኳቸው፤ ስታስገቡ በላቲን ፊደል እንደሆነ ታውቁታላችሁ።

መጀመሪያ ግን የትኛው መጽሐፍ ላይ ነን?

አይሲዲ-10 (የበሽታና የጉዳት ኮዶች ዝርዝር) ስትሉ ሁለት ነገር ሊሆን ይችላል። አንዱ የዓለም ጤና ድርጅት ያወጣው ነው። ሌላው አሜሪካኖች ያንን ይዘው ለራሳቸው አስፍተው የሠሩት አይሲዲ-10-ሲኤም ነው፤ ከኦክቶበር 1 ቀን 2015 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ክሌም የሚሄደው በእሱ ነው። ጎግል ላይ «የጎድን ስብራት ሲኩዌላ» (ዳፋ የምንለው እሱን ነው) ብላችሁ ስትፈልጉ ሁለቱ ተደባልቀው ይመጡና እዚያው ትጠፋላችሁ።

በዓለም ጤና ድርጅቱ መጽሐፍ ለዳፋው የራሱ የሆነ ኮድ አለ፤ ቲ91.2 ይባላል። የጎድን አጥንትም፣ የደረት አጥንትም፣ የዳሌ ስብራትም ዳፋ እዚያ አንድ ከረጢት ውስጥ ይገባል። ግራ ይሁን ቀኝ፣ አንድ ይሁን አምስት አይነግራችሁም። ሌላም ነገር አለው። ሐኪሙ «ዳፋ ነው» ባይልም ጉዳቱ ከደረሰ አንድ ዓመትና ከዚያ በላይ ያለፈው ችግር እዚያ ሊገባ ይችላል። የአደጋው መንስኤም የራሱ የዳፋ ኮድ አለው፤ የመኪና አደጋ ከሆነ ዋይ85.0፣ ሌላ ድንገተኛ አደጋ ከሆነ ዋይ86።

በአሜሪካኑ መጽሐፍ ቲ91 የሚባል ነገር የለም። ጨርሶ የለም። በምትኩ የመጀመሪያውን የስብራት ኮድ ትወስዱና መጨረሻው ላይ ኤስ ትጨምራላችሁ። የአንድ ዓመት ገደብም የለውም፤ ዳፋው በወሩም ሊታይ ይችላል፣ በ20 ዓመቱም። አዲስ ኮደር ቲ91.2ን ከአንድ ድረ ገጽ ለቅሞ ሲያስገባና ሲስተሙ ሲመልስበት ስንቴ እንዳየሁ! ይህ የሚሆነው ባለማወቅ ሳይሆን የተሳሳተ መጽሐፍ በማንበብ ነው።

አሮጌ ፋይል ከሆነ ደግሞ፣ ማለትም ከ2015ቱ ኦክቶበር በፊት የተጻፈ፣ 905.1 እና ቪ15.51 ልታዩ ትችላላችሁ። የመጀመሪያው የአከርካሪና የግንድ አካል ስብራት ዳፋ ነው፣ ሁለተኛው የስብራት ታሪክ። አይሲዲ-9 ናቸው፤ አንብባችሁ ተረዱ፣ ግን እንዳትገለብጡ። አይሲዲ-11ም ከጃንዋሪ 2022 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ሥራ ላይ ውሏል፤ የአሜሪካ ክሌም ግን ገና በ10 ነው። እዚህ ጥቁር አንበሳ ወይም ሰፈር ጤና ጣቢያ የምትሠሩ ከሆነ ሪፖርታችሁ በዲኤችአይኤስ2 (የጤና መረጃ ማሰባሰቢያው ሲስተም) ስለሚሄድ ከዚህ በታች ያለው የእናንተ ራስ ምታት አይደለም። ለማወቅ ያህል አንብቡት።

ኮዱ እንዴት ይገነባል?

ይህቺን አንዴ ከያዛችሁ ግማሹ ሥራ አለቀ። ኤስ22.3 አንድ የጎድን አጥንት ሲሰበር ነው። ኤስ22.4 ከአንድ በላይ ሲሆን። ኤስ22.5 ደግሞ ተከታታይ ጎድኖች እያንዳንዳቸው ሁለት ቦታ ተሰብረው ያ የደረት ክፍል ሲተነፍስ ለብቻው የሚወዛወዝበት፣ ከባዱ ዓይነት። ቀጥሎ ጎን ይመጣል፤ 1 ቀኝ፣ 2 ግራ፣ 9 ያልተገለጸ። ለኤስ22.4 ብቻ 3 አለ፣ ሁለቱም ጎን ማለት ነው። ከዚያ ስድስተኛው ቦታ ባዶ ስለሆነ ኤክስ ይሞላዋል። ሰባተኛው ላይ ዋናው ፊደል ይቀመጣል።

ስለዚህ የእኛ ሰውዬ፣ በቀኝ በኩል ሦስት ጎድን የተሰበረው፣ ዳፋ ካለበት ኤስ22.41ኤክስኤስ ይሆናል። ኤስ22.5 አጭር ስለሆነ ሁለት ኤክስ ይፈልጋል፤ ኤስ22.5ኤክስኤክስኤስ። ኤክሷን የረሳ ሰው ክሌሙ ተመልሶበት ጥፋቱን ሲፈልግ ያድራል፤ ኮዱ «ትክክል» ነው እኮ፣ ፊደሏ ብቻ ናት ቦታ የሳተችው።

ለጎድን አጥንት የመጨረሻዎቹ ፊደላት ስድስት ብቻ ናቸው። ኤ ንቁ ሕክምና ላይ ያለ ዝግ ስብራት፣ ቢ ንቁ ሕክምና ላይ ያለ ክፍት ስብራት፣ ዲ በደህና እየዳነ ያለ፣ ጂ መዳኑ የዘገየ፣ ኬ አልገጥም ያለ፣ ኤስ ዳፋ። ለእጅና ለእግር ስብራት የለመዳችሁት ፒ፣ ጠምሞ ለገጠመ አጥንት የሚሰጠው፣ ጎድን ላይ የለም። ብዙ ሰው ይህንን አያምንም። መጽሐፉን ገልጣችሁ እዩት።

ገና እየዳነ ከሆነ

ይህ ቀላሉ ነው፤ ቶሎ እንለፈው። የጎድን አጥንት አብዛኛውን ጊዜ በስድስት ሳምንት አካባቢ ይገጥማል፣ ሕመሙ ግን ወራት ሊቆይ ይችላል። በሽተኛው ለክትትል መጥቶ ሐኪሙ «ጥሩ እየዳነ ነው» ካለ ዲ ነው። ከስብራት በኋላ ለሚደረግ ክትትል የዜድ ኮድ አትፈልጉ፤ ለጉዳት ሥራውን የሚሠራው ዲ ራሱ ነው። «ቀርፏል» ካለ ጂ። «አልገጠመም» ካለ ኬ። ኬን ከኤስ ጋር የሚያምታቱ አሉ፤ ያልገጠመ አጥንት ግን አሁንም ስብራት ነው፣ ዳፋ አይባልም።

ኤ ላይ አንድ ነገር ልበል። ኤ «የመጀመሪያ ቀጠሮ» ማለት ይመስላል፣ ግን አይደለም። ስብራቱን ለማከም ንቁ ሕክምና እየተደረገ ነው ማለት ነው። እንዲያውም በሽተኛው ዘግይቶ የመጣ ከሆነ ወሩ ቢያልፍም ኤ ነው። ይህንን ለልጆቹ ሳስረዳ ሁልጊዜ ወጌሻ ጋ ሄዶ ደረቱን በጨርቅ ጥፍር አስደርጎ ከሦስት ሳምንት በኋላ ሆስፒታል የሚመጣውን ሰው ነው የምጠራው። እዚህ ሁላችንም እንዲህ ያለ ዘመድ አለን። (በነገራችን ላይ ደረትን አጥብቆ ማሰር በደንብ እንዳይተነፍስ ስለሚያደርግ ለሳምባ ምች ያጋልጣል። ዘመዳችሁን ንገሩት።)

ታሪክ ብቻ ከሆነ

ዜድ87.81። የዳነ የአደጋ ስብራት የግል ታሪክ ማለት ነው። ተሰብሮ ነበር፣ ገጥሟል፣ አሁን ምንም የለም። አያምም፣ አይጎብጥም፣ አያፍንም።

ጥያቄው ይህንን መቼ ትጽፉታላችሁ ነው። ኤክስሬይ ላይ የቆየ ስብራት በታየ ቁጥር አይደለም። የታሪክ ኮድ የሚጠቅመው ያ ያለፈው ነገር የዛሬውን ሕክምና ሲነካው ነው። ሰውየው ለጉንፋን መጥቶ ኤክስሬዩ ላይ የ15 ዓመት ስብራት ቢታይና ሐኪሙ ቃል ባይተነፍስ፣ እኔ አልጽፈውም። ሐኪሙ ግን «ቀድሞ ጎድኑ ተሰብሮ ስለነበር አጥንቱን እንመርምረው» ካለ፣ አሁን ታሪኩ ሥራ ላይ ነው፤ እጽፈዋለሁ። አንዳንድ ኮደር የታየውን ሁሉ መጻፍ ትጋት ይመስለዋል። እኔ አይመስለኝም።

ዜድ87.81ን እና ኤስ22.41ኤክስኤስን ለዚያው አንድ ስብራት ጎን ለጎን አታስገቡ። አንዱ «አልቋል» ይላል፣ ሌላው «አላለቀም»። ሁለቱን አንድ ክሌም ላይ ያየ ኦዲተር የሚያስበው አንድ ነገር ነው፤ ኮደሩ አልወሰነም።

ዳፋ ሲሆን

አሁን ወደ ዋናው እንምጣ።

እያንዳንዱ ጎድን ከሥሩ ጠርዝ ላይ ትንሽ ቦይ አለው። በዚያች ቦይ ውስጥ የደም ሥሮችና ነርቭ ይሄዳሉ። አጥንቱ ሲሰበር ነርቩ ሊጎዳ ይችላል፤ ሲገጥም ደግሞ የሚያብጠው አዲስ አጥንት ሊጫነው ይችላል። ስብራቱ ዳነ፣ ነርቩ ግን አኮረፈ። ሰውየው ሲያስል፣ ሲስቅ፣ በዚያ ጎኑ ሲተኛ ይጮህበታል። ሌላው ደረቱ ቅርጹን ስቶ የቀረ ነው። ሌላው በስብራቱ ጊዜ የሳምባው ሸፋኝ ላይ ደም ፈስሶ፣ ሸፋኙ ወፍሮና ጠንክሮ ትንፋሽ ያጠረው ነው። እነዚህ ሁሉ ዳፋ ናቸው፤ የሚያስፈልጋቸው ኮድ ግን አንድ ዓይነት አይደለም።

ደንቡ እንዲህ ነው። ዳፋ በአጠቃላይ ቢያንስ ሁለት ኮድ ነው። መጀመሪያ አሁን ያለው ችግር፣ ቀጥሎ ያንን ያመጣው ስብራት ኤስ ተጨምሮበት። ኤሷ የምትጨመረው ስብራቱ ላይ ብቻ ነው፣ ችግሩ ላይ አይደለም። ኤስ22.41ኤክስኤስን ብቻውን የላከ ሰው ጥያቄ ልኳል እንጂ መልስ አልላከም። «ዳፋ አለ» ብሏል፤ ምን እንደሆነ አልተናገረም።

እና ከፊት የሚቀመጠው የትኛው ነው? ሐኪሙ የተጠቀመባት ቃል ትወስናለች።

«ጎድኑን ያመዋል» ከሆነ አር07.81። «በጎድኖቹ መካከል ያመዋል» ካለ አር07.82። ዝም ብሎ «የደረት ግድግዳ ሕመም» ካለ አር07.89። የጎድን መካከል ነርቭ ሕመም ነው ብሎ በስሙ ከጠራው ጂ58.0። ደረቱ ወይም ጎድኑ ቅርጹን ስቷል ካለ ኤም95.4። ፒ ስለሌለን «ጠምሞ ገጥሟል፣ ጎብጧል» የሚል ቻርት ሲመጣ እኔ የምሄደው ወደዚህ ነው፤ ኤም95.4 ከፊት፣ ኤስ ያለበት ስብራት ከኋላ። የሳምባ ሸፋኙ ጠንክሯል ካለ ጂ ሳይሆን ጄ ውስጥ ትገባላችሁ፤ ጄ94.1።

አር07.81ን መዝገበ ቃላት ላይ ስታዩ «ፕሉሮዲኒያ» ይላልና ልጆቹ ይደነግጣሉ፤ ኢንፌክሽን ይመስላቸዋል። በቫይረስ የሚመጣው፣ በወረርሽኝ የሚታወቀው ሌላ ነው፣ ቢ33.0። እዚያ አትሂዱ።

ከዚያ ሥር የሰደደ ሕመም ጉዳይ አለ። ጂ89.21 ማለት ከአደጋ የመጣ ሥር የሰደደ ሕመም ነው። «ሥር የሰደደ» የሚባለው ከስንት ወር በኋላ ነው? መመሪያው ወር አይቆጥርም። ሐኪሙ «ሥር የሰደደ» ካለ ነው፣ ካላለ አይደለም። እናንተ ካሌንደር ይዛችሁ አትቁጠሩለት።

ቅደም ተከተሉ ሰው የሚያጣላ ነው። በሽተኛው የመጣው ሕመሙን ለማስታገስ ብቻ ከሆነ፣ ለምሳሌ ሕመም ክሊኒክ መርፌ ሊወጋ፣ ጂ89.21 ከፊት ይቀመጣል፣ አር07.81 ይከተላል፣ ስብራቱ ከኋላ። ለሌላ ምርመራ ከመጣና ሕመሙ ቁርጥ ያለ ስም ካላገኘ አር07.81 ከፊት፣ ጂ89.21 ቀጥሎ። ነርቩ ተለይቶ በስሙ ከተጠራ፣ ጂ58.0 ከተባለ፣ የመጣውም ለማስታገሻ ካልሆነ፣ ጂ89ኙ አያስፈልግም፤ በሽታው ሕመሙን ይዞታል። እኛ ቢሮ አንዴ በዚች ቅደም ተከተል ሁለት ሰዎች ግማሽ ሰዓት ተከራክረው ቡናቸው በረደ። ሁለቱም ልክ ነበሩ፤ አንዱ የሚያወራው ስለ ሕመም ክሊኒክ ነበር፣ ሌላው ስለ ቤተሰብ ሐኪም።

የአደጋው መንስኤም ኤስ ይዞ ይመጣል። ከመሰላል ወድቆ ከነበረ የደብልዩ11 ኮድ በኤስ ይጨረሳል። የዳፋ መንስኤን አሁን ካለ ትኩስ ጉዳት ኮድ ጋር አታጋቡት። የት እንደወደቀ የሚናገረው ዋይ92 ደግሞ አንዴ ብቻ ነው የሚጻፈው፣ በመጀመሪያው ሕክምና ጊዜ። ከአምስት ዓመት በኋላ ጓሮ ይሁን ሳሎን ማንም አይጠይቃችሁም።

አጥንቱ ራሱ የታመመ ከሆነ

እስካሁን ያልኩት ሁሉ ጤነኛ አጥንት በአደጋ ሲሰበር ነው። አጥንታቸው የሳሳ እናት ሲያስሉ ጎድናቸው ከተሰበረ ኤስ22 ጨዋታ ውስጥ የለም። ትንሽ ወድቀው ቢሆንም እንኳ፣ ያ አወዳደቅ ጤነኛ አጥንት የማይሰብር ከሆነ ወደ ኤም80 ነው የምትሄዱት። ከዳነ በኋላ ደግሞ ታሪኩ ዜድ87.81 አይደለም፤ ዜድ87.310 ነው፣ ከፊቱ ኤም81 (አሁን ስብራት የሌለበት የአጥንት መሳሳት) ተቀምጦ። ካንሰር አጥንቱን በልቶት ከሆነ ኤም84.5 ውስጥ ፈልጉ፣ ሲድን ታሪኩ ዜድ87.311። ሁለት ዜዶች ስለሚመሳሰሉ ብቻ የሚሳሳት ሰው አለ። ቻርቱ ላይ «ኦስቲዮፖሮሲስ» (የአጥንት መሳሳት) የምትለዋን ቃል ሳትፈልጉ ዜድ87.81ን አትንኩ።

እኔን የጣለኝ

ሁለት ዓመት ይሆነዋል። የ66 ዓመት ሴት፣ በግራ ጎናቸው የሚያቃጥል ሕመም። ሲቲ ስካኑ በግራ በኩል ሁለት የዳኑ የጎድን ስብራቶች ያሳያል። ሐኪሙ ሁለቱን በተለያየ መስመር ጽፏቸዋል፤ በመካከላቸው «ምክንያት» የሚል ቃል የለም። እኔ ግን ሰዓቱ መሽቶ፣ ውጭ ዝናቡ እየወረደ፣ ቻርቱ አራተኛ ገጽ ላይ ደርሼ፣ «ግልጽ አይደል እንዴ?» ብዬ አር07.81 እና ኤስ22.42ኤክስኤስ አድርጌ ላክሁት።

ኦዲት ላይ ወደቀ። ሁለተኛው ገጽ ላይ፣ ዓይኔ ያለፈው መስመር ላይ፣ «ከሦስት ወር በፊት አልማዝ ባለጭራ ታመው ነበር» ይላል። አልማዝ ባለጭራ የሚሄደው በዚያችው ነርቭ ነው፣ በጎድን ሥር ባለችው። ቆዳው ሲድን ነርቩ ማቃጠሉን ሊቀጥል ይችላል። ሐኪሙ ተጠይቆ የመለሰውም ያንኑ ነበር። ትክክለኛው ኮድ ቢ02.29 ነበር፤ ጎድኖቹ እዚያ የተገኙት እንዲያው ለምስክር ነው። ነጥቤ ወረደ፣ የዚያ ወር ጉርሻዬም አብሮ ሄደ። ኃላፊያችን ምንም አላሉኝም፤ ወረቀቱን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀምጠው አለፉ። መቆጣት ይሻል ነበር።

ኮደር ነጥብና ነጥብ ማገናኘት ይወዳል። ሕመሙ ቀኝ፣ ስብራቱ ቀኝ፣ በቃ! ማገናኘት ግን የሐኪሙ ሥራ ነው። «በስብራቱ ምክንያት»፣ «ስብራቱን ተከትሎ»፣ «ከድሮው ስብራት የመጣ» የሚል ነገር ካላያችሁ ኤስ የለም። «ምናልባት ከስብራቱ ሊሆን ይችላል» ካለስ? ተመላላሽ ሕክምና ከሆነ «ምናልባት» አይቆጠርም፣ ሕመሙን ብቻ ትጽፋላችሁ። ተኝቶ ታክሞ ሲወጣ በማጠቃለያው ላይ እንደዚያ ከተጻፈ ግን እንዳለ ተቆጥሮ ይጻፋል። ያው ቃል፣ ሁለት ዓይነት ሕግ። እኔም ሲነግሩኝ ገርሞኛል።

ግልጽ ካልሆነ ኩዌሪ፣ ማለትም ለሐኪሙ የጽሑፍ ጥያቄ፣ ላኩ። አላላኩም ግን ዘዴ አለው። «ሕመሙ ከስብራቱ የመጣ መሆኑን ያረጋግጡልን» ብላችሁ ከጻፋችሁ መልሱን አፉ ውስጥ አስቀምጣችሁለታል። ሐኪሞች ሥራ ይበዛባቸዋል፣ «አዎ» ብለው ያልፋሉ፣ ኋላ ኦዲት ላይ የምትጠየቁት እናንተ ናችሁ። ይልቅ ቻርቱ ላይ ያለውን በእውነቱ አስፍራችሁ አማራጭ ስጡት፤ ከቆየው ስብራት የመጣ፣ በሌላ ምክንያት (ይገለጽ)፣ መወሰን አይቻልም። ሦስቱም እኩል ተጽፈው ይምረጥ።

ከማገናኘቱ ቀጥሎ ብዙ ሰው የሚሰንፈው ጎን ማወቅ ላይ ነው። 9 የምትለዋ ቁጥር፣ «ያልተገለጸ»፣ ሰነፍ መውጫ ናት። ኤክስሬዩ ቀኝ ካለ ቀኝ ነው። ሐኪሙ «የጎድን ስብራት» ብሎ ሬዲዮሎጂስቱ ቁጥርና ጎን ከነገረን፣ ምርመራው የሐኪሙ ሆኖ ዝርዝሩን ከምስሉ መውሰድ ይቻላል። ሐኪሙ ቀኝ፣ ኤክስሬዩ ግራ ካለ ግን ያው ኩዌሪ ነው፤ ሎተሪ አታድርጉት።

አዲሱ የኮድ ዝርዝር በየዓመቱ ኦክቶበር 1 ቀን ነው ሥራ ላይ የሚውለው፣ በእኛ መስቀል ባለፈ በአራት ቀኑ ገደማ። በዚያ ሳምንት የድሮ ማስታወሻችሁን አትመኑ።

ወደ ልጅቷ ልመለስ። «ከሦስቱ የትኛው ነው ታዲያ?» አለችኝ። «ገና እየዳነ አይደለም፣ ሬዲዮሎጂስቱ ድኗል ብሏል። ዲ ይውጣ» አልኳት። አወጣችው። «ታሪክ ነው ወይስ ዳፋ የሚለውን እኔም አላውቅም፣ አንቺም አታውቂም። ጻፊለት።»

ጻፈች። የመጀመሪያውን አስሰረዝኳት፣ መልሱን አፉ ውስጥ የሚያስቀምጥ መሪ ጥያቄ ነበር። ሁለተኛው ሄደ። በሦስተኛው ቀን ከሰዓት፣ ገና ቦርሳዬን ሳላወርድ፣ «ጋሼ መለሰ!» ብላ ጠራችኝ። ሐኪሙ ቻርቱ ላይ ጨምሯል፦ ከአራት ዓመት በፊት ከመሰላል ወድቆ በደረሰበት የጎድን ስብራት ምክንያት የሚሰማው ሥር የሰደደ የቀኝ ጎድን ሕመም። ሁሉም ነገር አለበት። ሥር የሰደደ፣ ጎን፣ ምክንያት፣ መሰላል።

ሕመም ክሊኒክ ስላልሆነ አር07.81ን ከፊት አስቀመጠች፣ ጂ89.21ን አስከተለች፣ ኤስ22.41ኤክስኤስን ጻፈች፣ ዜድ87.81ን በራሷ አነሳችው። መጨረሻ ላይ መሰላሉን፣ ደብልዩ11ኤስ ብላ አስገባች። ቀይ መስመር ወጣ።

«ምን አጠፋሁ?»

«ደብልዩ11 ሦስት ቦታ ብቻ ነው የያዘው። ኤሷ ሰባተኛ ላይ መቀመጥ አለባት። ኤክስ ሙይበት።»

«ስንት?»

«ሦስት።»

ጣቷን አጥፋ ቆጠረችና ሦስት ጊዜ መታችው።